ልጄ ሃርፕ መማር ትፈልጋለች፣ ድሬ ላይ ከየት ልጀምር?

ጠያቂ፦ የሳቢያኗ እናት

ሰላም ቤተሰብ። ልጄ ዘንድሮ ዘጠነኛ ክፍል ነች። ክራር ትመታለች፣ የሰፈር ሠርግ ላይም ይጠሯታል። ዩቲዩብ ላይ አንዲት ሴት ከራሷ የሚበልጥ ወርቃማ ሃርፕ (ያ ብዙ ክር ያለው ትልቁ የፈረንጅ በገና) ደረቷ ላይ አስደግፋ ስትጫወት አየችና ከዚያ ወዲህ ቤታችን ሌላ ወሬ የለም። «ኦርኬስትራ ውስጥ ነው የምጫወተው» ብላ ቁርጧን ነግራኛለች።

ካናዳ ያለው አጎቷ ይህን ሰምቶ «እኔ እገዛላታለሁ» አለ። የፈራሁት ይኼኔ ነው። ምን ዓይነት ይግዛ? በድሬ ሙቀት ዕቃው ይተርፋል? ክራር መቻሏ ይረዳታል ወይስ ከዜሮ ነው? ደግሞስ በዚህ እንጀራ ይበላል? አባቷ የሚጠይቀኝ ይቺን ብቻ ነው።

መልስ፦ የድሬ ልጅ (ጀርመን)

አቦ እህቴ፣ በመጀመሪያ አጎትየውን ያዢልኝ፣ ትልቁን እንዳይገዛ! እኔ ኦርኬስትራ ውስጥ ቪዮላ (ከቫዮሊን ትንሽ ተለቅ የሚለውን) ነው የምጫወተው፣ ሃርፕ የምትጫወተው ባልደረባዬ ግን አጠገቤ ነው የምትቀመጠው። ስለዚህ ጣጣውን በደንብ አውቀዋለሁ።

ልጅሽ ያየችው ፔዳል ሃርፕ ነው። 47 ክር አለው፣ ከግርጌው 7 ፔዳል። እያንዳንዱ ፔዳል ለአንድ ኖታ ነው፤ ሦስት ቦታ ላይ ይቆማል፣ በዚያው ልክ ድምፁ ዝቅ፣ መካከለኛ ወይም ከፍ ይላል። ይህን አሠራር ሴባስቲያን ኤራር የሚባል ፈረንሳዊ መሣሪያ ሠሪ 1810 ላይ ለንደን ውስጥ በስሙ አስመዘገበው፣ እስካሁን መሠረቱ ያው ነው። ተጫዋቿ እጇ ሲሠራ እግሯም ያለ ዕረፍት ይሠራል። ከመድረኩ ፊት የተቀመጠ ሰው ይህን አያይም።

ክብደቱ ወደ 40 ኪሎ ይጠጋል። አዲሱ ከ15 ሺህ ዶላር በታች እምብዛም አይገኝም፣ ከዚያ በላይ ደግሞ ጣሪያ የለውም። ፔዳሎቹ በዓምዱ ውስጥ በሚያልፉ ዘንጎች አናቱ ላይ ካሉ ትንንሽ ዲስኮች ጋር ይገናኛሉ። እሱን በየጊዜው የሚያስተካክል ባለሙያ ያስፈልጋል። ድሬ ላይ ማን ያይልሻል?

ሌቨር ሃርፕ ይግዛላት። 34 ክር ገደማ ያለው ይበቃታል። ፔዳል የለውም። በየክሩ አናት ላይ ትንሽ ማንሻ አለች፣ ስትነሳ ድምፁን በግማሽ ቶን ከፍ ታደርጋለች። ዋጋው ከትልቁ ጋር አይወዳደርም፣ አንድ ሰው ብቻውን ያነሳዋል። ብዙዎቹ ሃርፒስቶች በዚህ ነው የሚጀምሩት።

የእንጀራው ነገር ግን ቀልድ አይደለም። አንድ ትልቅ ኦርኬስትራ ሠላሳ ገደማ ቫዮሊን ሊኖረው ይችላል። ሃርፕ ግን አንድ ነው፣ ቢበዛ ሁለት። ያንን ወንበር የያዘ ሰው ደግሞ አይነሳም። አን ሆብሰን ፓይሎት የምትባል ጥቁር አሜሪካዊት አለች፤ ቦስተን ሲምፎኒ ኦርኬስትራ በ1969 ገብታ በ1980 ዋና ሃርፒስት ሆነች። ጡረታ የወጣችው በ2009 ነው። አርባ ዓመት! በዚያ ሁሉ ጊዜ ሌላው ሰው በር ላይ ይጠብቃል ማለት ነው። የኦስትሪያው ኦርኬስትራ ቪየና ፊልሃርሞኒክ ደግሞ ለረጅም ዘመን ሴት በአባልነት አይቀበልም ነበር። አና ሌልኬሽ ከሃያ ዓመት በላይ ሃርፕ ስትጫወትላቸው ከርማ በሙሉ አባልነት የተቀበሏት በ1997 ነው። ይህን ሳነብ እስካሁን ያበሽቀኛል።

ስለዚህ አብዛኞቹ እንጀራቸውን የሚያገኙት ከተለያየ ቦታ ነው። ያስተምራሉ፣ ሠርግና ሆቴል ይጫወታሉ፣ ኦርኬስትራ ሰው ሲጎድለው ይጠራቸዋል። ለአባቷ እንዲህ በይው፦ ይበላል፣ ግን በወር ደሞዝ አይደለም።

መልስ፦ በገነኛው ከሐረር

እህቴ፣ ስለ ክራሩ እኔ ልመልስ። ጆሮዋ ትልቅ ሀብት ነው። ትዝታን ከባቲ፣ አምባሰልን ከአንቺ ሆዬ ለይታ ክራሯን ራሷ ከቃኘች፣ ሃርፕ ለመቃኘት የሌላው ጀማሪ ያህል አትቸገርም። ሃርፕ ሁልጊዜ ይቃኛል፤ ተጫዋቹ ከሌላው ሰው ቀድሞ ነው ወደ መድረክ የሚወጣው።

እጅ ግን ሌላ ነው። በእኛ በገና አሥሩ አውታር ከቀንበሩ (ከላይኛው አግዳሚ እንጨት) ወርዶ በርኩማው (ክሩን ከፍ አድርጎ የሚይዘው ድልድይ) ላይ አርፎ ገበቴው (የድምፅ ሣጥኑ) ላይ ያልፋል። በክሩና በበርኩማው መካከል የሚገባው ቁራጭ ቆዳ፣ እንዚራው፣ ነው ያንን የበገና ንዝረት የሚሰጠው። የምንደረድረው በግራ እጅ ጣቶች ነው። ሃርፕ ላይ ግን አውታሩ ከሣጥኑ ፊት ራሱ ቀጥ ብሎ ይነሳል፣ ሁለቱም እጅ እኩል ይሠራል። በርኩማ የሚባል ነገር የለውም። ሐረር ላይ ዐቢይ ጾም ሲገባ የሚመጡልኝ ክራር የለመዱ ልጆች ሁሉ በገና ላይ እንኳ እጃቸው ይቸገራል። ሃርፕ ላይ አይቸገሩም ማለት ይከብዳል። ክራሩን ግን አታስጥያት፣ ትቀጥል።

መልስ፦ ፒያኖ አስተማሪ፣ ከዚራ

እኔ ከሁለታችሁም ትንሽ እለያለሁ። ሃርፑ ዛሬ አይገዛ። ልጅቷ ኖታ ታነባለች? ካላነበበች ዕቃው ሳሎን ውስጥ ጌጥ ሆኖ ይቀራል፣ አጎትየውም ይቀየማል።

የሃርፕ ኖታ እንደ ፒያኖ ሁለት መስመር ነው፤ የላይኛው በአብዛኛው ለቀኝ እጅ፣ የታችኛው ለግራ። ኪቦርድ ላይ የተማረችው ንባብ ሙሉ በሙሉ ይሄድላታል። ከላይ የተጠቀሰችው አን ሆብሰን ፓይሎትም መጀመሪያ ከእናቷ ፒያኖ ተምራ ነው፣ ሃርፕ የጀመረችው ሁለተኛ ደረጃ ስትደርስ ነው። ልክ እንደ ልጅሽ! ስለዚህ አልረፈደባትም። ውሎ አድሮ አዲስ አበባ ያሬድ ሙዚቃ ትምህርት ቤት መግባት ብትፈልግም ኖታ ማንበቧ ይጠቅማታል።

መልስ፦ የድሬ ልጅ (ጀርመን)

በፒያኖው እስማማለሁ። አንድ ነገር ብቻ ልጨምር፦ ሃርፑ ሲመጣ በዩቲዩብ ብቻዋን እንዳትማር። ከመጀመሪያው ሳምንት ጀምሮ በቪዲዮ የሚያያት አስተማሪ ያስፈልጋታል። አውራ ጣት ወደ ላይ፣ ሌሎቹ ወደ ታች፣ ጣቱ ክሩን ከሳበ በኋላ መዳፍ ውስጥ ይዘጋል። ትንሿ ጣት ጭራሽ አትሠራም። ሃርፑ ቀኝ ትከሻ ላይ ይደገፋል። ይህ ከተበላሸ ማቃናት መከራ ነው፣ ትከሻና ወገብም ይጎዳል። መጀመሪያ ላይ ጣቷ ውሃ ይቋጥራል፤ አትደንግጪ፣ ይጠነክራል። በየቀኑ አጭር አጭር ትለማመድ።

መልስ፦ እንጨት ሠሪው፣ መጋላ

ክራርና ጊታር እጠግናለሁ። ሃርፕ ነክቼ አላውቅም፣ እንጨት ግን እንጨት ነው። ሙቀቱ ብቻውን ብዙ አይጎዳም። የሚገድለው ፀሐይና ድርቀት ነው። የድሬን የበጋ አየር ታውቂዋለሽ፣ በር ሳይቀር ይሰነጠቃል።

ከሰዓት ፀሐይ የሚመታው ግድግዳ ላይ እንዳታስደግፉት። ቆርቆሮው ኮርኒስ ከሌለው እዚያ ክፍል አይግባ። ቬንቲሌተር በቀጥታ አይንፋበት። ውሃ የሞላ ሰፊ ሣህን ክፍሉ ውስጥ ይቀመጥ፣ ሽፋኑም አይለየው። የእርጥበት መለኪያ ትንሽ ዕቃ አጎትየው አብሮ ይላክ፤ ከ40 እስከ 50 በመቶ ከሆነ ደህና ነው። ሞቀ ብላችሁ ክሩን ሁሉ እንዳታላሉት፣ እንጨቱ የተሠራው ውጥረት እንዲሸከም ነው።

ክሩ የአንጀት ከሆነ እርጥበት በተለዋወጠ ቁጥር ይበጠሳል። ናይለን ክር የተገጠመለትን ምረጡ፣ ለድሬ እሱ ነው የሚሻለው።

ጠያቂ፦ የሳቢያኗ እናት

እግዜር ይስጥልኝ ሁላችሁም። አባቷ «በወር ደሞዝ አይደለም» የምትለውን ሲሰማ ዝም አለ፤ እኔ እንደ እሺታ ወስጄዋለሁ። አንድ ጥያቄ ብቻ፦ ልጅቷ ለክራር ብላ ጥፍሯን አሳድጋለች፣ ለዒድ ደግሞ ከጓደኞቿ ጋር ሂና ትቀባለች። ችግር አለው?

መልስ፦ የድሬ ልጅ (ጀርመን)

ሂናው ምንም አይል። ጥፍሩ ግን ይቆረጥ። ክላሲካል ሃርፕ በጣት ሥጋ ነው የሚጫወቱት፣ ጥፍር ከነካው ድምፁ ይሻክራል። ለክራሩ መምቻ ትጠቀም።

ክሮቹን ለመለየት ደግሞ አትጨነቅ። ዶ ሁሉ ቀይ ነው፣ ፋ ጥቁር ወይም ሰማያዊ። ሌላው ከእነሱ ተነስቶ ይታወቃል።

መልስ፦ ፒያኖ አስተማሪ፣ ከዚራ

ቅዳሜ ከሰዓት ኪቦርዱ ነፃ ነው። በውስጥ መስመር ጻፊልኝና ይዘሻት ነይ፣ የመጀመሪያው ቀን በነፃ ነው።

መልስ፦ እንጨት ሠሪው፣ መጋላ

ሳልረሳው፣ አጎትየው ሙሉ ትርፍ ክር አብሮ ይላክ። በክራር ክር አይተካም፣ የየአንዳንዱ ውፍረት ይለያያል። መቃኛ ቁልፉንም ሁለት አድርጎ ይላክ። አንዱ መጥፋቱ አይቀርም።