«ወደ ውጭ ያዙሩት» ስንል ምን እያልን ነው?

ጠያቂዋ፦

ሰላም ለሁላችሁ። አንድ ቃል ጨንቆኛል። ሥራዬ ሐኪምና ታካሚን በስልክ ማስተርጎም ነው፤ የምኖረው ዋሽንግተን አካባቢ ነው። ባለፈው ሳምንት ትከሻቸው የደረቀባቸው አንዲት እናት ፊዚዮቴራፒ ሄደው ነበር። ባለሙያዋ «ኤክስተርናል ሮቴሽን» አለች። እኔም ሳላስብ «እማማ፣ እጅዎን ወደ ውጭ ያዙሩት» አልኩ።

ዝም አሉ። ቆይተው «ልጄ፣ ውጭ ምን አለ?» አሉኝ። ለካ ወደ በሩ ዞረው ኖሯል። እሺ፣ እንደገና ልሞክር ብዬ «ወደ ጎን» አልኳቸው። ይሄኔ ክንዳቸውን ወደ ጎን አነሱት። ባለሙያዋ «ኖ ኖ፣ እሱ አብዳክሽን ነው» አለች። ሦስታችንም ደከመን።

የስልክ ሥራ ክፋቱ እጄን አውጥቼ «እንዲህ» ማለት አልችልም። ያለኝ ቃል ብቻ ነው። ለዚህ እንቅስቃሴ የሚሆን አንድ ጥሩ ቃል ያለው አለ?

ግዕዝ ወዳዱ፦

«አፍኣዊ ዙረት» በያው። አፍኣ በግዕዝ ውጭ ማለት ነው። ተቃራኒው «ውሳጣዊ ዙረት» ይሆናል። አጭር ነው፣ ያምራል፣ መጽሐፍ ላይም ይሄዳል።

ነርሱ፦

ጋሼ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝና እማማ «አፍኣዊ» ሲባሉ አፋቸውን ነው የሚከፍቱት። «ዙረት» ደግሞ እኛ ሰፈር ሌላ ነገር ነው። «ይቺ ልጅ ዙረት አበዛች» ሲባል ማንም ስለ ትከሻዋ አያስብም።

ከቃሉ በፊት ነገሩን እንለየው። ጠያቂያችን የተቸገረችው ቃል ጠፍቶባት አይደለም። ሁለት የተለያዩ እንቅስቃሴዎችን በአንድ «ወደ ውጭ» ስለምንጠራቸው ነው።

ክንድሽን ከጎንሽ ብታነሺው ከሰውነትሽ ይርቃል። አብዳክሽን ይሄ ነው፤ የላቲኑ ሥርም «ከዚያ መውሰድ» እንደማለት ነው። አማርኛው «ማራቅ» ነው። መልሶ ማምጣቱ አዳክሽን ይባላል፣ በእኛ «ማስጠጋት»። እንግሊዝኛ ተናጋሪ ሐኪሞች ሁለቱ በጆሮ ስለሚመሳሰሉባቸው ፊደሉን እየለዩ «ኤ ቢ ዳክሽን»፣ «ኤ ዲ ዳክሽን» ይላሉ። እዚህ ላይ አማርኛ ይበልጣል። ማራቅንና ማስጠጋትን የሚያምታታ ሰው አላየሁም።

ሮቴሽን ግን መራቅ የለበትም። እጅ ወይም እግር ባለበት ሆኖ በራሱ ዘንግ ላይ ይዞራል። ቁልፍ ስታዞሪ ቁልፉ ከቀዳዳው አይወጣም አይደል? እንደዚያ ነው። ቀጥ ብለሽ ቆመሽ መዳፍሽን ወደ ፊት አሳይ፤ አናቶሚ ሁሉን የሚለካው ከዚህ አቋቋም ነው። ከዚያ ተነስቶ ፊት ለፊት የነበረው ገጽ ከመሃል ወደ ጎን ከዞረ ኤክስተርናል ሮቴሽን ነው። የአናቶሚ መጻሕፍት ብዙ ጊዜ ላተራል ሮቴሽን ይሉታል፤ ያው ነው። ወደ መሃል ከዞረ ኢንተርናል ወይም ሚዲያል ነው።

ለእማማ ትከሻ የሚሠራው አማርኛ ይሄ ነው፦ ክርን ከጎድን ጋር ይጣበቅ። ክንድ 90 ዲግሪ ይታጠፍ። እጅ ወደ ፊት ይመልከት። ከዚያ እጁ ብቻ እንደ ቁም ሳጥን በር ወደ ጎን ይከፈት። የላይኛው ክንድ ማጠፊያው ነው፣ ከክርን በታች ያለው በሩ ነው። ክርኑ ከጎድን እንዳይለቅ ፎጣ ጠቅልለው ብብት ስር ያስይዟቸዋል። ፎጣው ከወደቀ ማራቅ ገብቷል ማለት ነው።

የትከሻ መድረቅ ሲመጣ ብዙውን ጊዜ ከሁሉ በላይ የሚያጥረው ይኸው የበር መክፈቱ ዙር ነው። ታካሚ ግን እንዲህ ብሎ አይነግርሽም። «ፀጉሬን መሥራት አቃተኝ» ነው የሚሉት። ማበጠሪያ ወደ ማጅራት ለመውሰድ ክንድ ይርቃል፣ ወደ ውጭም ይዞራል። «መቀነቴን ከኋላ ማሠር አልቻልኩም» ካሉሽ ደግሞ የጠፋው የውስጡ ዙር ነው። ሰው እንቅስቃሴን በሥራው ነው የሚጠራው። እኔ አምስት ዓመት በእንግሊዝኛ ተምሬ ይህን ያስተማሩኝ ታካሚዎች ናቸው።

ጠያቂዋ፦

ቁም ሳጥኑን ወድጄዋለሁ። ለእግርስ? እዚያም «እንደ በር» ልበል?

ነርሱ፦

እግር ላይ ተጠንቀቂ። ሰው የሚጎዳው እዚያ ነው።

መጀመሪያ ቃሉ ራሱ ያስቸግራል። በአማርኛ እግር ከዳሌ እስከ ጣት ነው። እጅም ከትከሻ እስከ ጥፍር። እንግሊዝኛው በሁለት ቃል የሚከፍለውን እኛ በአንድ እንጠራለን። «እግርህን ወደ ውጭ» ስትይ ታካሚው የትኛውን እንደሚያዞር አያውቅም፤ ጭን ይሁን ባት ይሁን ወይስ ጣቶቹን።

አሁን ወንበር ላይ ተቀመጪ። ጉልበትሽ ታጥፏል፣ ባትሽ ወደ ታች ተንጠልጥሏል። ጉልበትሽን ሳታንቀሳቅሺ ተረከዝሽን ወደ ጎን ውሰጂው። ጭንሽ ላይ እጅሽን አድርገሽ ዳብሺው። ወዴት ዞረ?

ጠያቂዋ፦

ወደ ውስጥ! ቆይ፣ እንደገና ልሞክር። አዎ፣ ወደ ውስጥ ነው።

ነርሱ፦

አየሽ? እግር ወደ ውጭ ሲሄድ ጭን ወደ ውስጥ ዞረ። ቁርጭምጭሚትሽን አንስተሽ ሌላኛው ጉልበትሽ ላይ ብትሰቅይው ደግሞ ተቃራኒው ይሆናል፤ እግሩ ወደ ውስጥ መጣ፣ ጭኑ ግን ወደ ውጭ ዞሯል። መሬት ላይ እግር አጣጥፎ የሚቀመጥ ሰው ሁለቱም ጭኖቹ ወደ ውጭ የዞሩ ናቸው፣ እግሮቹ ግን ከስሩ ናቸው።

ይሄ ጨዋታ አይደለም። የዳሌ መገጣጠሚያቸው በኋላ በኩል ተከፍቶ የተቀየረላቸው ሰዎች ለተወሰኑ ሳምንታት ጭናቸውን ወደ ውስጥ እንዳያዞሩ ብዙ ጊዜ ይነገራቸዋል፤ መገጣጠሚያው እንዳይወልቅ ነው። አስተርጓሚው ወንበር ላይ ለተቀመጠ ሰው «እግርዎን ወደ ውስጥ አያድርጉ፣ ወደ ውጭ ይሁን» ቢልስ? ሰውየው ታዝዞ የተከለከለውን ያደርጋል።

ስለዚህ የኔ ምክር፣ አጥንቱን ጥሪ። «ጭንዎን» በይ። ከዚያ ደግሞ ምልክት ስጪ።

የወጌሻ ልጅ፦

ምልክት ካላችሁ እኔም ልግባ። ዛሬ ወጌሻ ሲባል ኳስ ሜዳ ላይ ቦርሳ ይዞ የሚሮጠው ነው የሚታሰበው። የኔ አባት የድሮው ነበር፣ ስብራትና ውልቃት የሚያቃና። እሱ «ዙር» የሚል ቃል አፉ ላይ አልነበረም። የሚጠይቀው አንድ ነገር ነው፦ «ሎሚው ወዴት ያያል?» የጉልበቱን ሎሚ ማለቱ ነው። ሎሚው ሰማይ ካየ ደኅና። ጎን ካየ እግሩ ዞሯል። ለእጅ ደግሞ «አውራ ጣቱ ወዴት ያያል?»

አንድ ጊዜ ደጃፋቸው ላይ የወደቁ አዛውንት በቃሬዛ መጡ። አንደኛው እግራቸው አጥሯል። ሎሚውም ጣቶቹም ወደ ጎን ወድቀዋል። አባቴ ቆሞ አየና «ይሄ የኔ አይደለም፣ ሆስፒታል ውሰዷቸው» አለ። አልነካቸውም። ልጅ ስለነበርኩ ፈርቶ መስሎኝ ነበር።

ነርሱ፦

ወንድሜ፣ አባትህ የዳሌ ስብራት ነው ያየው። አዛውንት ወድቆ እግሩ አጥሮ ወደ ውጭ ከዞረ፣ ተማሪ ሳለን መጀመሪያ የሚያስጠነቅቁን ስለዚያ ነበር። «ያያል» የሚለውን ቃል ደግሞ ስረቁት እላችኋለሁ። ትልቅ ቃል ነው። መንቀሳቀስን ትቶ ገጹ የት እንደደረሰ ብቻ ይናገራል። ኤክስተርናል ሮቴሽን ማለትም እኮ ይኸው ነው።

የወጌሻ ልጅ፦

ከተነሳ አይቀር፣ ወለምታስ? ወለም ሲለኝ እግሬ ወደ ውጭ ነው ወደ ውስጥ የዞረው? የሚያመኝ የውጭው ቁርጭምጭሚት ነውና ወደ ውጭ ይመስለኝ ነበር።

ነርሱ፦

አብዛኛውን ጊዜ ወደ ውስጥ ነው። ውስጠ እግርህ ወደ ሌላኛው እግርህ ያያል፤ ያን ጊዜ በውጭ በኩል ያለው ጅማት ይለጠጣል፣ ሲብስም ይበጠሳል። የሚያምህ የተለጠጠበት ወገን ነው። ይህ ኢንቨርዥን ይባላል። ውስጠ እግር ወደ ጎን ካየ ኤቨርዥን ነው። ይሄኛው ወለምታ ብዙም አያጋጥምም።

በነገራችን ላይ «የአፍ ወለምታ በቅቤ አይታሽም» ይባላል። የእግሩም ገና ሲያብጥ ባይታሽ ይሻላል። በረዶ በጨርቅ ጠቅልሎ መያዝና እግርን ከፍ ማድረግ ነው። ቅቤው ለወጥ ይቅር።

ግዕዝ ወዳዱ፦

ዝም ብዬ ሳነብ ነበር። አፍኣዊን ትቻለሁ፣ ተሸንፌያለሁ። ግን አንድ የማካፍላችሁ አለኝ። ሱፒኔሽንና ፕሮኔሽን የሚሉትን አይታችኋል? የክንድ ዙር ናቸው፣ መዳፍን ወደ ላይና ወደ ታች የሚያደርጉት። ሱፒኑስ በላቲን በጀርባው የተኛ ማለት ነው። ፕሮኑስ ወደ ፊት ያዘነበለ፣ በፊቱ የተደፋ። እኛስ ምን እንላለን? ተንጋለለ፣ ተደፋ! እንስራ ይደፋል፣ ሰው ይደፋል። በጀርባው ከተኛ «ተንጋሎ» ነው። እንግዲህ «መዳፍን ማንጋለል» እና «መዳፍን መድፋት» ብንልስ? ላቲኑን ሳንተረጉም ላቲኑ ያሰበውን አስበናል።

ነርሱ፦

ጋሼ፣ ይሄ ይሄዳል! ቆሎ ሲዘግኑልህ መዳፍህ ተንጋሎ ነው፣ ደፍተህ የምትቀበል የለም። ከክርን በታች ሁለት አጥንቶች አሉ። መዳፍ ሲደፋ በአውራ ጣት በኩል ያለው አጥንት በሌላኛው ላይ ይሻገራል። ሲንጋለል ሁለቱ ጎን ለጎን ይተኛሉ። አንድ ነገር ብቻ፣ ክርን ቀጥ ካለ ትከሻም አብሮ ስለሚዞር የማን ዙር እንደሆነ አይለይም። ክርን ይታጠፍና ይሞከር።

ጠያቂዋ፦

ይሄንን ጻፍኩት። ሌላ ጥያቄ ልጨምር። «ሸፋፋ» እና «ቆልማማ» ምንና ምን ናቸው? አንድ ታካሚ «ልጄ ሸፋፋ ነው» ሲሉኝ «ጉልበቱ የተራራቀ» ብዬ ነበር ያስተላለፍኩት። በኋላ ተጠራጠርኩ።

የወጌሻ ልጅ፦

እኛ ቤት ሸፋፋ ያልሽው ነው። ቆሞ በጉልበቱ መሃል ውሻ ያልፋል። ጫማ በአንድ ጎኑ ሲያልቅም ሸፈፈ እንላለን። ቆልማማ ግን እግሩ ከውልደቱ ወደ ውስጥ የታጠፈ ሕፃን ነው።

ግዕዝ ወዳዱ፦

እኔ ባደግኩበት ደግሞ ሸፋፋ ሲራመድ ጣቶቹ ወደ ጎን የሚበተኑበት ሰው ነው። ጉልበቱ አይታይም።

ነርሱ፦

ሁለታችሁም እውነት ናችሁ፣ ለዚህም ነው ሸፋፋን ሰምታችሁ በቀጥታ አትተርጉሙት የምለው። «ጉልበቱ ነው ወይስ ጣቱ?» ብሎ መጠየቅ ነው። ደግሞ በእኛ ብቻ አትዘኑ። ቫልገስና ቫረስ የሚሉ የላቲን ቃላት አሉ። ሮማውያን ቫልገስ ሲሉ ጉልበቱ የተራራቀ ሰው ነበር፣ ቫረስ ደግሞ ጉልበቱ የሚጋጭ። ዛሬ በሕክምና ጄኑ ቫልገም የሚባለው ጉልበቱ የሚጋጨው ነው። ተገለባብጧል! የዛሬው ትርጉም የሚያየው ከመገጣጠሚያው በታች ያለው አጥንት ወዴት እንዳዘነበለ ነው፤ ወደ ጎን ካዘነበለ ቫልገስ። የሁለት ሺህ ዓመት ቃል እንዲህ ከዞረ ሸፋፋ በሁለት ሰፈር ሁለት ቢሆን ምን ይገርማል።

ቆልማማ ላይ ግን ክርክር የለኝም። የሕፃናቱ ሕክምና ራሱ የወደ ውጭ ዙር ነው። በፖንሴቲ ዘዴ እግሩ በየሳምንቱ በሚቀየር ጄሶ ቀስ በቀስ ወደ ውጭ ይመለሳል። በኋላ ሁለት ጫማ በብረት ተያይዞ ያደርጋሉ፤ የታመመው እግር ጫማ 70 ዲግሪ ገደማ ወደ ጎን ያያል። እናቶች «ልጄን አንፈራጠጣችሁት» ብለው ይቆጣሉ። ማንፈራጠጥም ራሱ ጥሩ ቃል ነው፣ ማራቅና ማዞር አንድ ላይ። ግን በአክብሮት ለሚጠሯቸው ሰው አይባልም።

ጠያቂዋ፦

ዛሬ እማማ እንደገና ደረሱኝ፣ ያው ባለሙያ ያው ትከሻ። «እማማ፣ ክርንዎን ከጎድንዎ ጋር ያጣብቁ። እጅዎን እንደ ቁም ሳጥን በር ወደ ጎን ይክፈቱት። ጣቶችዎ ወደ ጎን ይዩ» አልኳቸው። ወዲያው አደረጉት። «ታዲያ እንዲህ በአማርኛ አትነግሪኝም ነበር!» ብለው ተቆጡኝ።

ባለሙያዋ ግን ጠረጠረችኝ። «እኔ ሁለት ቃል ነው የተናገርኩት፣ ይሄን ሁሉ ምን አልሻቸው?» አለች። ቁም ሳጥኑን ስነግራት ሳቀች። አሁን ደግሞ ጀርባ ላይ ያለውን ጠፍጣፋ የትከሻ አጥንት ወደ ኋላ እንዲያስጠጉ ትፈልጋለች። እናንተ ጋ ያን አጥንት ምን ይሉታል?