ቪኤንኤስ ከተከፈተ 3 ወር ሆነው፤ ድምፅ ጎረነነ፣ መጣሉ ግን አልቀነሰም

ጠያቂ፦ አስታማሚ_12
ሰላም ለሁላችሁ። ለመድኃኒት አልበገር ያለ የሚጥል በሽታ ያለበት የ19 ዓመት ወጣት ነው። ቪኤንኤስ (ደረት ላይ ተተክሎ በሽቦ አንገት ላይ ላለው ቬገስ ነርቭ የኤሌክትሪክ ንዝረት የሚልክ መሣሪያ) ተተክሎለታል። አሁን የተሞላው እንዲህ ነው፦ 1.25 ሚሊ አምፔር (የንዝረቱ ጉልበት)፣ 30 ኸርዝ (በሰከንድ 30 ምት)፣ 500 ማይክሮ ሰከንድ (የአንዱ ምት ርዝመት)፤ 30 ሰከንድ ሠርቶ 5 ደቂቃ ያርፋል። በሠራ ቁጥር ድምፁ ይጎረንናል፣ ያስለዋል። ሲጥለው፣ ተጨማሪ ንዝረት እንዲያስነሳ የተሰጠን የእጅ ማግኔት ደረቱ ላይ ሲያዝለትም ለውጥ የለም። አልሠራም ብሎ ወደ ሌላ መሣሪያ መሄድ ይሻላል ወይስ ገና ነው?

መልስ፦ ቬገስ_ግራ
ገና ነው። ቪኤንኤስ እንደ መድኃኒት መጠኑ ቀስ እየተባለ የሚጨመር ነገር ነው፤ ውጤቱም ከ1 እስከ 2 ዓመት ድረስ እየጨመረ ይሄዳል። የመጣሉ ብዛት በግማሽና ከዚያ በላይ የሚቀንስላቸው ከተተከለላቸው ሰዎች ግማሽ ያህሉ ናቸው፤ ጨርሶ የሚተዋቸው ግን ጥቂት ናቸው። 1.25 ደግሞ ከሚፈለገው በታች ነው። በየ1 ወይም 2 ሳምንቱ 0.25 እየተጨመረ 1.5 እስከ 1.75 መድረስ አለበት።

ድምፁ የሚጎረንነው ወደ ድምፅ አውታር የሚሄደው የነርቩ ቅርንጫፍ ኤሌክትሮዱ ከተጠመጠመበት በታች ስለሚለይ ነው፤ ንዝረቱ እግረ መንገዱን እሱንም ያገኘዋል። ለዚህ ሲባል አምፔሩን ማውረድ አይመከርም። መጀመሪያ 500ውን ወደ 250 ማይክሮ ሰከንድ፣ 30 ኸርዙን ወደ 25 ወይም 20 ያውርዱለት። ምቱ ሲያጥር በዚያው አምፔር የሚነቃው የነርቭ ክር ስለሚያንስ፣ ሲለምደው አምፔሩ ከፍ ይላል።

የእረፍቱ ጊዜ የሚነካው ከዚያ በኋላ ነው። መሣሪያው ከጠቅላላው ጊዜ ስንት በመቶውን እንደሚሠራ ሒሳቡ ቀላል ነው፦ 30 ሰከንድ ላይ ንዝረቱ ለመውጫና ለመውረጃ የሚወስደው 4 ሰከንድ ሲጨመር 34፤ ለ330 (30 ሰከንድ ሥራና 5 ደቂቃ እረፍት) ሲካፈል 10 በመቶ ገደማ። እረፍቱ 3 ደቂቃ ሲሆን 16 በመቶ፣ 1.8 ደቂቃ ሲሆን 25 በመቶ ይሆናል። የሚሠራበት ጊዜ ከሚያርፍበት መብለጥ የለበትም፤ ነርቩን ይጎዳል።

መልስ፦ ማግኔት_በኪስ
«ሲያዝለት» ያሉት ላይ ነው ችግሩ። ማግኔት መሣሪያው ላይ ተይዞ ከቆየ ንዝረቱን ያቆመዋል! ተጨማሪውን ንዝረት የሚያስነሳው አንድ ሰከንድ ያህል አሳልፎ ማንሳት ነው። ሊጥለው ሲል ወይም እንደጀመረው ያሳልፉት፤ ካልተወው ይድገሙት።

ሌላው ብዙ ጊዜ የሚዘነጋው፣ የማግኔቱ አምፔር ለብቻው የሚሞላ መሆኑ ነው። ከመደበኛው በ0.25 ከፍ ብሎ 60 ሰከንድ እንዲሠራ ይደረጋል። መደበኛው በየቀጠሮው ሲጨመር የማግኔቱ በነበረበት ከቀረ፣ ማግኔቱ ከመደበኛው ያነሰ ንዝረት ይሰጣል። ክሊኒኩ ውስጥ እያሉ አሳልፈው ይሞክሩት።

መልስ፦ ሽቦ_ቆጣሪ
ከላይ ባለው ሁሉ እስማማለሁ፤ አንድ ነገር ብቻ ልጨምር። መጎርነኑ ያለምክንያት በድንገት ቢጠፋና መጣሉ ቢብስ፣ «ተሻለው» አትበሉ። ሽቦው ተሰብሮ ወይም ባትሪው አልቆ ሊሆን ይችላል። ኢምፒዳንሱ (ሽቦው ለኤሌክትሪክ ያለው መቋቋም) ሲለካ ከፍ ካለ የአንገትና የደረት ራጅ ይነሳ። ማንኮራፋት ከጀመረ ወይም እንቅልፍ ላይ ትንፋሹ የሚቋረጥ ከሆነም ለሐኪሙ ይነገር። ፊዚዮቴራፒ ቤት ዲያተርሚ (በሞገድ ሰውነትን የሚያሞቅ ሕክምና) እንዳይደረግለት፤ ሙቀቱ በሽቦው አልፎ ነርቩን ያቃጥላል።

ጠያቂ፦ አስታማሚ_12
እግዜር ይስጥልኝ፣ የማግኔቱን ነገር በፍጹም አላወቅንም ነበር። ዓመት ሁለት ዓመት አልፎ ካልሠራስ? አንጎል ውስጥ ከሚተከሉት የንዝረት መሣሪያዎች አርኤንኤስ ወይስ ዲቢኤስ?

መልስ፦ ቬገስ_ግራ
በሽታው አንጎል ውስጥ የሚነሳበት ቦታ ይወስነዋል። አርኤንኤስ አሜሪካ ውስጥ በ2013 ሲፈቀድ 18 ዓመት ለሞላቸውና በሽታው ከ1 ወይም 2 ቦታ ለሚነሳባቸው ነው። ራስ ቅል ውስጥ ይቀመጥና ምልክቱን ሲያይ ብቻ ይነዝራል። ሰውየው በየጊዜው የተመዘገበውን እቤቱ ሆኖ ማስተላለፍ አለበት፤ ካላስተላለፈ ሐኪሙ የሚያስተካክልበት መረጃ ያንሰዋል። በ9 ዓመት ክትትል የመጣሉ ሚዲያን (የመካከለኛው ሰው) ቅነሳ 75 በመቶ ነው።

ዲቢኤስ ታላመስ በሚባለው የአንጎል ጥልቅ ክፍል ውስጥ ስለሚገባ ቦታው በትክክል ባይታወቅም ይሞከራል። 110 ሰዎች በነበሩበት ሳንቴ በተባለው የዲቢኤስ ጥናት መጣሉ በ5 ዓመት በሚዲያን 69 በመቶ ቀንሷል። የመደበትና የማስታወስ ችግር ግን ንዝረቱ በተከፈተላቸው ላይ በዝቶ ታይቷል፤ ድብርት ለነበረበት ሰው እኔ አልቸኩልም።

ሁለቱንም ከማሰብ በፊት ቪዲዮ ኢኢጂውና (በቪዲዮ የታጀበው የአንጎል ኤሌክትሪክ ምዝገባ) ኤምአርአዩ እንደገና ይታይ። የሚነሳበት ቦታ አንድና ተቆርጦ ሊወጣ የሚችል ከሆነ፣ ጨርሶ የመዳን ዕድሉ ያለው ቀዶ ሕክምናው ላይ ነው። መድኃኒቱንም ማንም እንዳያቋርጠው።

መልስ፦ ሽቦ_ቆጣሪ
ኤምአርአይ ከተባለ፦ ከመግባቱ በፊት መደበኛውም የማግኔቱም አምፔር 0 ይደረግ፤ የልብ ምት ሲጨምር በራሱ የሚነዝር ዓይነት ከሆነ ያም ይዘጋ። የእጅ ማግኔቱ ከክፍሉ ውጭ ይቀመጥ። በየትኛው ማሽንና በየትኛው የሰውነት ክፍል እንደሚፈቀድ በሞዴሉ ይለያያልና የመሣሪያውን ካርድ ይዛችሁ ሂዱ። ሲወጣ ቁጥሮቹ ወደነበሩበት መመለሳቸውን ሳታዩ ደግሞ ወደ ቤት አትሂዱ፤ የሚረሳው እሱ ነው።