የእናቴ ክሬቲኒን 1.3 ነው፣ ወረቀቱ «ኖርማል» ይላል፣ ሐኪሙ ግን ይደገም አለ

የአዳማዋ፦ ሰላም ለሁላችሁ። እናቴ 58 ዓመቷ ነው። ስኳርና ደም ግፊት አለባት። ለክትትል ስትሄድ የኩላሊት ምርመራ ታዘዘላትና ክሬቲኒኗ 1.3 ሆነ። የላብራቶሪው ወረቀት እስከ 1.3 ኖርማል ነው ይላል፣ ሐኪሙ ግን «ጂኤፍአሯ 48 ነው፣ ሽንትም ትስጥ፣ ከ3 ወር በኋላ ይደገማል» ብሎ ሸኛት። ሰው ስለበዛበት ብዙም አላስረዳንም። ዲያሊሲስ (ደም በማሽን ማጣራት) ልትገባ ነው ብዬ እንቅልፍ አጥቻለሁ። ለጉልበቷ ሕመምም ዲክሎፌናክ የሚባል ማስታገሻ ትውጣለች።

ላብራቶሪ ሠራተኛ፦ እህቴ ተረጋጊ፣ ጂኤፍአር ኩላሊት በደቂቃ ምን ያህል እንደሚያጣራ የሚገመትበት ቁጥር ነው፣ 48 ዲያሊሲስ አይደለም። የዲያሊሲስ ወሬ የሚነሳው ብዙውን ጊዜ ከ15 በታች ሲወርድ ነው። ክሬቲኒን ከጡንቻ የሚወጣ ቆሻሻ ነው፣ ኩላሊት ያጣራዋል። ጡንቻ ያለው የ25 ዓመት ወንድ 1.3 ቢኖረው ጂኤፍአሩ 78 አካባቢ ይወጣል፣ እናትሽ ላይ ግን ያው 1.3 ወደ 48 ይወርዳል፣ ምክንያቱም ስሌቱ ዕድሜና ፆታ ያስገባል። ወረቀቱ ላይ ያለው ኖርማል ዕድሜን አያይም። ክሬቲኒንን ብቻውን አትዪ፣ ጂኤፍአሩን ጠይቂ።

ጎንደሬ፦ እኔ የማውቀው አንድ የባህል መድኃኒት አለ፣ ኩላሊት ያጥባል ይባላል፣ ብትሞክሩትስ?

ነርስ ነኝ፦ ወንድሜ፣ በቅንነት እንደሆነ ይገባኛል፣ ግን እባክህ አይሆንም። ምን እንዳለበት ያልታወቀ ቅጠል የደከመ ኩላሊት ላይ ሊብስ ይችላል።

የአዳማዋ፣ 3 ወር የተባለው ያለ ምክንያት አይደለም። ሥር የሰደደ የኩላሊት ሕመም የሚባለው ችግሩ ከ3 ወር በላይ ሲቆይ ነው። ተቅማጥ ወይም የሰውነት ውኃ ማነስ ብቻውን ቁጥሩን ለጊዜው ሊያበላሸው ይችላል። ሽንቱን ደግሞ በጭራሽ እንዳትዘልሉት። የሚታየው አልቡሚን የሚባል ፕሮቲን ነው፣ ለአንድ ግራም ክሬቲኒን ከ30 ሚሊግራም በታች ከሆነ ደህና ነው። ስኳር ያለበት ሰው ላይ ጂኤፍአሩ ገና ደህና እያለ አልቡሚኑ ቀድሞ ሊወጣ ይችላል፣ ስለዚህ ሁለቱ አብረው ይታዩ። ዲክሎፌናኩን ግን ኩላሊትን ሊጎዳ ስለሚችል አሁኑኑ ያቁሙና ለሐኪማቸው ይንገሩ። አይቡፕሮፌንም እንዲሁ። የግፊት መድኃኒታቸውን ደግሞ በራሳችሁ እንዳታቋርጡ፣ እንደ ኢናላፕሪል ያሉት ኩላሊትንም ይጠብቃሉ።

የአዳማዋ፦ እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ታዲያ ለጉልበቷ ምን ትውሰድ? ለድጋሚው ምርመራስ ምን እንጠንቀቅ?

ነርስ ነኝ፦ ፓራሲታሞል ይሻላቸዋል፣ መጠኑን ሐኪሙ ይንገራቸው። ከምርመራው በፊት ባለው ማታ ብዙ ሥጋ አይብሉ፣ በተለይ እንደ ጥብስ ያለ የበሰለ ሥጋ ክሬቲኒንን ለጊዜው ከፍ ያደርጋል። ውኃ እንደ ወትሮው ይጠጡ። የድሮውን ወረቀት ይዛችሁ ሂዱ፣ ከተቻለ እዚያው ላብራቶሪ ይደገም።

ላብራቶሪ ሠራተኛ፦ የዓምናም የካቻምናም ውጤት ካላቸው አብራችሁ አምጡ፣ 48 ሆኖ የቆየና ከ70 በፍጥነት የወረደ አንድ አይደሉም።