ሮሪ ጋላገርን የምታውቁ እስቲ ንገሩኝ፣ ከየት ልጀምር?

ጀማሪ_ጊታሪስት፦
ሰላም ለሁላችሁም። ጊታር ከጀመርኩ ስምንት ወር ሆነኝ፣ ትናንት ማታ ዩቲዩብ ላይ ስዞር አንድ ካሬ ካሬ ሸሚዝ የለበሰ ጸጉረ ረጅም ሰውዬ አየሁና እንቅልፌን አጣሁ። የጊታሩ ቀለም ተልጦ ተልጦ እንጨቱ ብቻ ነው የቀረው፣ ላቡ እላዩ ላይ ጠብ ጠብ ይላል እሱ ግን ዓይኑን ጨፍኖ ይጫወታል። ሮሪ ጋላገር ይባላል። ስለ ሄንድሪክስና ስለ ክላፕተን ሁሉም ያወራል፣ ይሄን ሰው ግን ማንም አንስቶልኝ አያውቅም፣ ለምንድነው? ጊታሩስ ምን ሆኖ ነው? ደግሞ ሄንድሪክስን የዓለም አንደኛ ጊታሪስት መሆን ምን ይመስላል ሲሉት ሮሪን ጠይቁት አለ የሚል ኮመንት አየሁ፣ እውነት ነው?

የካሴት_ዘመን፦
እንኳን አገኘኸው ወንድሜ! ሰውዬው አይሪሽ ነው፣ እ.ኤ.አ. 1948 ባሊሻነን የምትባል ከተማ ተወልዶ ኮርክ ነው ያደገው። ያኔ አየርላንድ ውስጥ ሙዚቀኛ እንጀራ የሚበላው ሾውባንድ ውስጥ ነው፣ በየዳንስ ቤቱ እየዞሩ የታወቁ ዘፈኖችን የሚጫወቱ ባንዶች ማለት ነው፣ እሱም ገና በ15 ዓመቱ ገባ። ጊታሩን የገዛው 1963 ላይ ነው፣ የ1961 ፌንደር ስትራቶካስተር፣ ሁለተኛ እጅ፣ 100 ፓውንድ፣ በዱቤ። ለአንድ ተማሪ ልጅ ያ ምን ያህል ዕዳ እንደሆነ አስበው። ወንድሙ ዶናል እንደሚያወራው እናቱን ያሳመናት በዚህ ጊታር ሪትሙንም ሊዱንም እኔው እጫወታለሁ፣ ሌላ ሰው አያስፈልግም ብሎ ነው።

ከዛ ደብሊን ላይ ሰረቁት። ከቀናት በኋላ ቦይ ውስጥ ተጥሎ ተገኘና ከዛ ወዲያ ሁለተኛ አልተለያዩም፣ አላስቀባውም፣ አልሸጠውም። ቀለሙን የበላው በአብዛኛው ላቡ ነው፣ በየምሽቱ ሁለት ሰዓት ሦስት ሰዓት መድረክ ላይ፣ ለ30 ዓመት። እጁ የሚያርፍበትን ቦታ ልብ ብለህ እየው፣ እዛ ጋ ነው እንጨቱ በደንብ የወጣው። 2024 ላይ ለንደን ጨረታ ወጥቶ ከ800 ሺህ ፓውንድ በላይ ተሸጠ፣ አሁን የአየርላንድ ብሔራዊ ሙዚየም ነው ያለው፣ እኔ ይሄን ስሰማ ከልቤ ነው ደስ ያለኝ።

ለምን አልታወቀም ላልከው፣ ነጠላ ዜማ ማውጣት አይወድም ነበር፣ ሬዲዮ ደግሞ ያኔ የሚኖረው በነጠላ ዜማ ነው። 1974 መጨረሻ ላይ ጊታሪስታቸው ሚክ ቴይለር ሲወጣ ሮሊንግ ስቶንስ 1975 መጀመሪያ ላይ ሮተርዳም ጠርተውት አብሯቸው ተጫወተ፣ ግን ጃፓን የራሱ ኮንሰርት ተይዞለት ስለነበር ጥሎ ሄደ። እንዲህ ያለ ሰው ነው። የሄንድሪክሷን ወሬ እኔም ስንት ጊዜ ሰምቻታለሁ፣ ግን እስከዛሬ ቅጂውን ያቀረበ ሰው የለም፣ ስለዚህ ተዋት፣ ሮሪ እሷ ሳትጨመርም በቂ ነው።

ቤዝ_በቀኝ፦
ከላይ ያለው ወንድማችን ዋናውን ነገር ዘለለው፣ ቤልፋስት! በ70ዎቹ መጀመሪያ ይሄ የሰሜን አየርላንድ ከተማ በካቶሊኮችና በፕሮቴስታንቶች ግጭት ቦምብ የሚፈነዳበት ነበር፣ ሌሎች ባንዶች ፈርተው ሲቀሩ እሱ ግን በየዓመቱ እየመጣ አልስተር አዳራሽ ይጫወታል። ቤዚስቱ ጄሪ ማካቮይ ራሱ የቤልፋስት ልጅ ነው፣ 20 ዓመት ከጎኑ አልተለየም። ውጪ የማይቀራረቡት የካቶሊክና የፕሮቴስታንት ልጆች እዛ አዳራሽ ውስጥ ጎን ለጎን ቆመው አብረው ይጮሁ ነበር። 1974 ጥር ላይ አየርላንድን ሲዞር የተቀዳ ላይቭ አልበም አለ፣ ከእሱ ጀምር፣ ስቱዲዮውን በኋላ ትደርስበታለህ። አሁን አዳራሹ አጠገብ ሐውልት ቆሞለታል፣ 2025 ላይ ነው የተመረቀው።

መጨረሻው ግን ያሳዝናል። አውሮፕላን በጣም ይፈራ ነበር፣ ሥራው ደግሞ መብረር ነው፣ ለፍርሃቱ የታዘዘለት መድኃኒት ከመጠጡ ጋር ሆኖ ጉበቱን ጨረሰው። 1995 ጥር ሮተርዳም ላይ የመጨረሻ ኮንሰርቱን ተጫወተ፣ ለንደን ጉበት ተቀየረለት፣ ግን ኢንፌክሽን ያዘውና ሰኔ 14 አረፈ። 47 ዓመቱ ነበር። ትዳር የለው ልጅ የለው፣ ዕድሜውን በሙሉ መንገድ ላይ።

አምስት_ኖታ፦
ለጀማሪው ከሙያ በኩል ትንሽ ልጨምር። የክዊን ባንድ ጊታሪስት ብራያን ሜይ ገና ልጅ እያለ ሮሪን ከኮንሰርት በኋላ ጠብቆ ይሄን ሳውንድ ከየት ነው የምታመጣው ብሎ ጠይቆታል፣ ሮሪም ሳይደብቅ ቮክስ ኤሲ 30 አምፕና ሬንጅማስተር የምትባል ትንሽ ሳጥን ናት አለው፣ ብራያንም ሄዶ ያንኑ ገዛ። ይሄን ራሱ ብራያን ነው የተናገረው። ከፔዳል ይልቅ ደግሞ እጁን እይ፣ እየተጫወተ የጊታሩን የቶን ማዞሪያ ቁልፍ ያዞራል፣ እንደ ዋዋ ፔዳል ያስለቅሰዋል።

ደግሞ ሮሪ የሚጫወተው ብሉዝ ለኛ ጆሮ ሩቅ አይደለም። ትዝታ ሜጀርን ከሲ ስትጀምር ሲ፣ ዲ፣ ኢ፣ ጂ፣ ኤ ነው አይደል፣ እነዚሁኑ አምስት ኖታዎች ከኤ ጀምራቸው፣ ኤ ማይነር ፔንታቶኒክ ሆነ ማለት ነው፣ የሮሪ ሶሎዎች በብዛት ቤታቸው እዛ ነው። ቀስ ብለህ ሞክረው፣ አትቸኩል።

ጀማሪ_ጊታሪስት፦
እግዜር ይስጣችሁ፣ ይሄን ያህል መልስ አልጠበቅኩም። የ74ቱን ላይቭ ከሥራ ስመለስ ታክሲ ውስጥ ጀመርኩት፣ መውረጃዬን አለፍኩ። አምስቱን ኖታ ከኤ እየጀመርኩ ስሞክር ደግሞ እህቴ ከጓዳ ሆና ትዝታ ነው እንዴ የምትለማመደው አለችኝ።