የመስከረም የትምህርት ቁሳቁስ ክፍፍልና የማጠናከሪያ ቡድኖች፦ የእድራችን የዕቅድ ውይይት

ጸሐፊ፦ ጤና ይስጥልን የእድራችን አባላት። ለመስከረም 48 ልጆች ተመዝግበዋል፤ 28 ወንድ፣ 20 ሴት። እጃችን ላይ 480 ደብተር፣ 200 እስክሪብቶና 120 እርሳስ አለ። ለጠቅላላ ጉባኤው የሚቀርበውን የክፍፍል ሐሳብ እዚሁ እንጨርሰው። አደራ፣ በሰልፍ ማደሉ ይቅር። መጨረሻ ለሚቆም ልጅ ሁሌም የሚደርሰው ያንሳል። ልጆች ደግሞ ከግቢው ሳይወጡ ነው የተሰጣቸውን የሚያስተያዩት።

ገንዘብ ያዥ፦ የሦስቱን ትልቁን የጋራ አካፋይ፣ ማለትም ሦስቱንም ያለ ቀሪ የሚያካፍለውን ትልቁን ቁጥር እንፈልግ። 480 ሲካፈል ለ200፣ 2 ደርሶ 80 ይተርፋል። 200 ሲካፈል ለ80፣ 2 ደርሶ 40 ይተርፋል። 80 ለ40 ያለ ቀሪ ይካፈላል፤ 120ም እንደዚሁ። ስለዚህ 40 እኩል ጥቅል ይወጣል። በእያንዳንዱ 12 ደብተር፣ 5 እስክሪብቶ፣ 3 እርሳስ። ምንም አይተርፍም።

ንብረት ክፍል፦ ዕቃው አይተርፍም፤ 8 ልጅ ግን ባዶ እጁን ሊሄድ ነው። ይሄንን እኔ አልደግፍም።

መምህርት፦ ልክ ነዎት ጋሼ። ገንዘብ ያዣችን የሠሩበት መንገድም ትክክል ነው። የእስክንድርያው ዩክሊድ ከ2,300 ዓመት ገደማ በፊት የጻፈው ዘዴ ነው፤ አካፋዮችን አንድ በአንድ ከመዘርዘር ያሳርፋል። ግን 40 የሚነግረን ያለን ዕቃ ሳይተርፍ ቢበዛ ለስንት እኩል እንደሚከፈል ብቻ ነው። የልጆቹን ቁጥር ዕቃው አይወስንልንም። ከ48 እንነሳ። ደብተሩ ለእያንዳንዱ አሥር አሥር ይደርሳል። እስክሪብቶ አራት አራት ስንሰጥ 192 ይሄዳል፣ 8 ይተርፋል። ያስቸገረን እርሳሱ ነው፤ ሁለት ሁለት ስንሰጥ 24 ይተርፋል። ሁለት ደርዘን ብንጨምር ግን 144 ይሆንና ሦስት ሦስት ይደርሳቸዋል። አሁን የ480፣ የ192 እና የ144 ትልቁ የጋራ አካፋይ ራሱ 48 ሆነ።

ገንዘብ ያዥ፦ ተስማምቻለሁ። ሁለት ደርዘን እርሳስ ካዝናችንን አይጎዳም። እስክሪብቶ መጨመሩን ግን እንተወው። ፓኬቱ 50 ስለሚይዝ፣ ካለን 200 ጋር ለ48 ልጅ ሳይተርፍ የሚገጥመው 20 ፓኬት ስንጨምር ነው።

ጸሐፊ፦ የተረፉት 8 እስክሪብቶዎችስ?

መምህርት፦ ለማጠናከሪያው ይሁኑ። የ28 እና የ20 ትልቁ የጋራ አካፋይ 4 ነው። አራት ቡድን እናድርግ፤ በየቡድኑ 7 ወንድና 5 ሴት። ለአስጠኚዎቹ ሁለት ሁለት እስክሪብቶ ይደርሳል።

አባል፦ 4ን የቡድን ብዛት ከምናደርገው በቡድን ውስጥ ያሉ ልጆች ቁጥር ብናደርገውስ? አራት አራት ልጅ፤ 7 የወንድ፣ 5 የሴት ቡድን። ለእያንዳንዱ ልጅ ጊዜ ይገኛል።

መምህርት፦ ሒሳቡ ይፈቅዳል እህቴ፤ ግን 12 አስጠኚ ይፈልጋል። ፈቃደኛ የሆኑት አራት ናቸው። ደግሞ ወንድና ሴት አብረው ቢማሩ ደስ ይለኛል። አምስት ሴቶች አንድ ቡድን ውስጥ ሲሆኑ እጃቸውን ያወጣሉ፤ አንድ ሁለት ብቻ ሲሆኑ ዝም ይላሉ። ክፍል ውስጥ በየቀኑ የማየው ነው።

ንብረት ክፍል፦ አንድ ወንድ ልጅ ቢጨመርስ?

መምህርት፦ ይፈርሳል። 29 እና 20 ከ1 በቀር የጋራ አካፋይ የላቸውም። ለዚህ ነው ምዝገባው ነሐሴ 25 ይዘጋ የምለው።

ንብረት ክፍል፦ ይዘጋ። ዘግይቶ የመጣ ልጅ ግን በቁጥር ሰበብ አይመለስ። አንዱ ቡድን 13 ቢሆን ምንም አይደለም። ለመጠባበቂያ የአምስት ልጅ ዕቃ ለብቻው ተገዝቶ ይቀመጥ፤ ቁልፉ እኔ ጋ ነው።

ገንዘብ ያዥ፦ 50 ደብተር፣ 20 እስክሪብቶ፣ 15 እርሳስ ማለት ነው። ዋጋ ጠይቄ በረቂቁ ላይ አስገባዋለሁ።

ጸሐፊ፦ የቀረን አንድ ጥያቄ አለ። የ1ኛ ክፍልና የ8ኛ ክፍል ልጅ አንድ ዓይነት ጥቅል ይውሰዱ?

መምህርት፦ አይመስለኝም። ለ1ኛ ክፍል ልጅ አራት እስክሪብቶ ምን ያደርግለታል? እሱ እርሳስ ነው የሚጨርሰው። ደብተሩ ለሁሉም እኩል ይሁን፤ እስክሪብቶና እርሳሱን ግን እንደየክፍላቸው ከፍለን እንደገና እናስላ። ስንቱ ልጅ ስንተኛ ክፍል እንደሆነ ላኩልኝ።

ጸሐፊ፦ ዝርዝሩን ነገ ጠዋት እልካለሁ።