ልጄ ወደ ውሃ ዋና ውድድር ትግባ ወይስ ወንድሜ እንደሚለው ይቅርባት?

የሶስና እናት፦
ሰላም ለሁላችሁም፣ ምክር ፈልጌ ነው። የምኖረው ለንደን ነው። የ9 ዓመት ልጄ ዋና ነፍሷ ነው፤ አሰልጣኟም የውድድር ቡድን ውስጥ ትግባ ብላኛለች። ግን ገንዳው ውስጥ ጥቁር ልጅ እሷ ብቻ ናት። ሹሩባዋ በተራው የዋና ኮፍያ አይያዝም፤ ትንሽ እንደዋኘች ከኋላ እየተንሸራተተ ይወልቃል፣ እሱን ስታስተካክል ሌሎቹ ጥለዋት ይሄዳሉ። ባለፈው «እማዬ ፀጉሬን ቁረጪልኝ» ስትለኝ አንጀቴን በላችው። ወንድሜ ደግሞ «ሩጫ አስገቢያት፣ ዋና የእኛ አይደለም» ይላል። ብሪታንያዊቷ ዋናተኛ አሊስ ዲሪንግ ስለዚህ ጉዳይ ብዙ እንደታገለች ሰምቻለሁ። ለእኔ ልጅ የሚተርፍ ለውጥ መጥቷል?

ቤዛ፦
መጥቷል እንጂ እህቴ! አሊስ በኦሎምፒክ ለብሪታንያ የዋኘች የመጀመሪያዋ ጥቁር ሴት ናት፤ ቶኪዮ ላይ በ2021 በክፍት ውሃ 10 ኪሎ ሜትር ዋኝታ 19ኛ ወጥታለች። ከእሷ በፊት የነበሩት ሁለት ጥቁር ወንዶች ብቻ ናቸው፣ በ1976 እና በ1980። ከዚያ 40 ዓመት ሙሉ ማንም! በ2020 ደግሞ ከሌሎች ጋር ሆና የጥቁሮች የውሃ ዋና ማኅበርን መሠረተች።

ኮፍያውን በተመለከተ፣ ሶል ካፕ የሚባል ለሹሩባና ለአፍሮ ተብሎ ሰፋ ተደርጎ የተሠራ አለ። ከቶኪዮ በፊት የዓለም የውሃ ዋና ፌዴሬሽን የራስን ተፈጥሯዊ ቅርጽ አይከተልም ብሎ ከለከለው። የማንን ራስ ለክተው ነው? ሰዉ ጮኸ፣ አሊስም ዝም አላለችም፣ በ2022 ለውድድር ተፈቀደ። ስለዚህ የልጅቷን ፀጉር እንዳትነኪ።

የጣና ልጅ፦
ለወንድምሽ ይድረስልኝ። እኔ ባሕር ዳር ነው ያደግኩት። እዚያ ልጆች ያለ አሰልጣኝ ሐይቁ ውስጥ ይዋኛሉ፤ «ጥቁር አጥንቱ ስለሚከብድ አይንሳፈፍም» የሚባለውን ተረት የሰማሁት እዚህ ከመጣሁ በኋላ ነው። እንግሊዝ ውስጥ ከጥቁር አዋቂዎች 95 በመቶው፣ ከልጆቹ 80 በመቶው አይዋኙም ተብሎ ተነግሯል። አጥንት አይደለም ምክንያቱ። የገንዳው ክፍያ አለ፣ የፀጉሩ ጣጣ አለ፣ ራሱ ዋና ያልተማረ ወላጅ ደግሞ ውሃ እያሳሳቀ ይወስዳል እያለ ልጁን ከዳር ይመልሳል፣ ልጁም አድጎ የራሱን ልጅ እንደዚያው ይመልሳል። ሩጫ ባትችል ትቀደማለች፣ ዋና ባትችል ግን ትሰጥማለች። አሊስም ከሜዳሊያው በፊት የምታነሳው ይህንን የደኅንነት ጉዳይ ነው።

ሀና፦
በተባለው ሁሉ እስማማለሁ፣ ግን ብቻዋን መሆኗን ቀላል አታድርጉት። ሁሉም ፀጉሯን እያየ ሲጠይቃት ልጅ ትሳቀቃለች። አሰልጣኟን አስቀድመሽ አናግሪያት፣ ኮፍያ ለማስተካከል ስትቆም እንዳትቆጣት። ከሰፈር አንድ የሐበሻ ልጅ አብራት ብትመዘገብ ደግሞ ሸክሙ በግማሽ ይቀላል። ገንዳ ከመግባቷ በፊት ፀጉሯን በንጹሕ ውሃ አርሺውና ኮንዲሽነር ቀቢው፣ ክሎሪኑን ያን ያህል አይመጠውም። አንቺስ ትዋኛለሽ?

የሶስና እናት፦
ተባረኩ። አልዋኝም ሀናዬ፣ እኔም እፈራለሁ። ለጀማሪ ሴቶች ትምህርት እንዳለ እጠይቃለሁ። ሶስናን ግን ነገውኑ አስመዘግባታለሁ። ኮፍያው በልጅ ልክ ይገኛል?

ቤዛ፦
ይገኛል። ስትገዢ ለውድድር የተፈቀደው ዓይነት መሆኑን አረጋግጪ፣ ሁሉም አይደለም።