የተያዘ ኦፓል ክስ ሳይመሠረት በጨረታ ሊሸጥ ይችላልን?

ጠያቂ (ጎንደር፣ ፒያሳ)፦
በአብዛኛው ለፋሲል ግንብ ጎብኚዎች የምሸጥ የጌጣጌጥ ነጋዴ ነኝ። ባለፈው ወር ደላንታ (ወሎ) ውስጥ በባህላዊ መንገድ ከሚያመርት ሰው በደረሰኝ የገዛሁት ጥሬ ኦፓል (የከበረ ድንጋይ) ወደ ጎንደር ሲመጣ «ያለፈቃድ የተመረተ ነው» ተብሎ ኬላ ላይ ተያዘብኝ። እስካሁን በእኔም ሆነ በሻጩ ላይ የቀረበ ክስ የለም፤ ይሁንና የያዘው መሥሪያ ቤት የጨረታ ማስታወቂያ እንዳወጣ ከወዳጄ ሰማሁ። ጥፋት ካለ ፍርድ ቤት ይወስን፤ ከዚያ በፊት ግን ሽያጩን ማስቆም ይቻላልን?

ጠበቃ (አዘዞ)፦
ይቻላል፤ ነገር ግን ክርክርዎን «ንብረቴ ነው» በሚል ብቻ አይጀምሩት። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 ንዑስ አንቀጽ 3 የተፈጥሮ ሀብትን የመንግሥትና የሕዝብ ስላደረገው፣ ያለፈቃድ የወጣ ድንጋይ መጀመሪያውኑ የቆፋሪው አልነበረም የሚል መልስ ይጠብቅዎታል። ጠንካራው ጥያቄ ድንጋዩ ያለፈቃድ መውጣቱን ማን አረጋገጠ የሚለው ነው። በማዕድን ሥራዎች አዋጅ ቁጥር 678/2002 መሠረት የባህላዊ ማምረት ፈቃድ የሚሰጠው ክልሉ ስለሆነ፣ የሻጩን ፈቃድ ቅጂ ከደረሰኝዎ ጋር ያያይዙ።

በመሥሪያ ቤቱ ላይ የፍትሐ ብሔር ክስዎን ሲያስገቡ በዚያው ዕለት በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 154 የእግድ ማመልከቻ ያቅርቡ። ድንጋጌው በክርክር ላይ ያለ ንብረት እንዳይባክን፣ እንዳይበላሽ ወይም ለሌላ እንዳይተላለፍ ለማገድ የተጻፈ ነው። ጨረታው ከተካሄደ በኋላ የሚከራከሩት ስለ ድንጋዩ ሳይሆን በጨረታው ስለተገኘው ገንዘብ ይሆናል። በነገራችን ላይ ብዙ ሰው በእንዲህ ያለ ጉዳይ የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012ን ይጠቅሳል፤ አዋጁ የፌዴራል ተቋማትን የሚመለከት በመሆኑ፣ የያዘብዎት የክልል መሥሪያ ቤት ከሆነ በእሱ ላይ መመሥረቱ መቃወሚያ ከመጋበዝ ያለፈ ጥቅም የለውም።

የቀድሞ ዐቃቤ ሕግ፦
በእግዱ እስማማለሁ፤ ሆኖም ከዚያ በፊት የወንጀል ምርመራ መዝገብ መከፈቱን ማጣራት ያስፈልጋል። ተከፍቶ ከሆነ ድንጋዩ ኤግዚቢት (በማስረጃነት የተያዘ ዕቃ) ስለሆነ ጥያቄው በቅድሚያ ለፖሊስና ለዐቃቤ ሕግ ይቀርባል። መያዝና መውረስ ይለያያሉ፤ የመጀመሪያው ጊዜያዊ ሲሆን ሁለተኛው ውሳኔ ይጠይቃል። ከፍርድ በፊት መሸጥ ለሚበላሽ ዕቃ ምክንያት ሊኖረው ይችላል፤ ለድንጋይ ግን ምክንያቱ አይታየኝም። ስለ ቅን ልቦና ገዢ (ጉድለቱን ሳያውቅ በቅንነት ስለገዛ ሰው) የሚናገረውን የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1161ን ግን ብዙ አይመኩበት፤ ከዕቃው ጋር የኖረ ነጋዴ የሻጩን ፈቃድ ሳይጠይቅ ገዝቶ «አላወቅሁም» ቢል የሚያምነው ዳኛ ማግኘት ይከብደዋል።

ድንጋይ ቆራጭ፦
ሕጉን ለባለሙያዎቹ ትቼ አንድ ነገር ልጨምር። የወሎ ኦፓል ውኃ ይመጥጣል፤ እርጥብ ሲሆን መልኩ ይደበዝዛል፣ ክብደቱም ይጨምራል። ስለዚህ ሲያዝ የተመዘነውና ሲሸጥ የሚመዘነው ባይገጥም አያስደንቅም፤ ከመካከሉ ጥቂት ፍሬ ቢወጣም ልዩነቱ በእርጥበት ይሳበባል። በኦፓል ዋጋ ደግሞ ከአንድ ከረጢት ውስጥ ሁለት ሦስት ፍሬ የቀረውን ሁሉ ሊበልጥ ይችላል፤ በጅምላ የሚጫረት ሰው ግን በዝቅተኛው ደረጃ ነው የሚገምተው። ደርቆ እንዲመዘን፣ በየደረጃው እንዲለይ፣ ፎቶግራፍ ተነሥቶ እንዲታሸግ ፍርድ ቤቱን ይጠይቁ።

ጠያቂ፦
ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። የሻጩን ፈቃድ ቅጂ ነገ እንዲልክልኝ ተነጋግረናል። ኬላው ላይ የተሰጠኝን ወረቀት አሁን አውጥቼ ሳየው የተጻፈበት «ባለ ቀለም ድንጋይ፣ አንድ ከረጢት» የሚል ብቻ ነው፤ ክብደትም፣ ቁጥርም፣ የምስክር ፊርማም የለውም።

ጠበቃ (አዘዞ)፦
እንግዲያው ያንን ወረቀት የእግድ ማመልከቻው የመጀመሪያ አባሪ ያድርጉት፤ ዋናውን ግን ለማንም አይስጡ።